ትንሹ ሐኪም ቤት በጃፓን ሲኒማ

በጃፓን ሕግ 20ና ከዚያ በላይ አልጋ ያለው ሐኪም ቤት ሆስፒታል ሲባል፥ ከዚያ ያነሰው፥ ወይም ጭራሹን አልጋ የሌለው፥ ክሊኒክ ይባላል። የጃፓን ሲኒማ ትልቁን ሆስፒታል ብዙ ጊዜ የሹመት ፉክክር ሜዳ አድርጎ ሲያሳይ፥ ሐኪምና ሕመምተኛ እንደ ሰው ለሰው የሚተያዩበትን ስፍራ ግን ከትንሹ ክሊኒክ ይፈልጋል።

ዝነኛው የፊልም አዘጋጅ አኪራ ኩሮሳዋ በ1948 (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር እንጽፋለን) «የሰከረው መልአክ» በተባለው ፊልሙ፥ በቆሻሻ ኩሬ አጠገብ የሚሠራ ጠጪና ቁጡ ሐኪም አሳየን። ሐኪሙ የሳንባ ነቀርሳ የያዘውን አንድ ወሮበላ ለማዳን ይታገላል። ወሮበላውን ሆኖ የተጫወተው ቶሺሮ ሚፉኔ በ1965 «ቀይ ጢም» በተባለው ፊልም ተራው ደርሶት የድሆች ሐኪም ሆነ። በዚህ ፊልም፥ በናጋሳኪ የሆላንዶችን ሕክምና ተምሮ የሾጉኑ ሐኪም ለመሆን የሚመኝ ወጣት ሳይወድ በድሆች ክሊኒክ ይመደባል። መጀመሪያ ያኰርፋል፤ በመጨረሻ ግን ሹመቱ ሲመጣለት ከድሆቹ አልለይም ይላል።

ይህ የኮይሺካዋ ክሊኒክ በእውነት የነበረ ነው። ኦጋዋ ሾሰን የተባለ የከተማ ሐኪም፥ ለሕዝብ አቤቱታ በተቀመጠ ሣጥን ውስጥ ስለ ድሆች ሕሙማን ማመልከቻ ጣለ። ሾጉን ቶኩጋዋ ዮሺሙኔም ነገሩን ተቀብሎ በ1722 ክሊኒኩን አቋቋመ።

በዘመናችንም ልማዱ አልተቋረጠም። በ2019 መታተም የጀመረውና በ2024 በቴሌቪዥን የታየው «ሽሪንክ» የተባለው የሥዕል ልብ ወለድ፥ የአንድን የአእምሮ ሐኪም ትንሽ ክሊኒክ ያሳያል። ሰው ስለ አእምሮው ሕመም ሐኪም ማማከርን ማፈር እንደሌለበት ያስተምራል።

ሆኖም አንድ ነገር ልብ እንበል። ፊልም አንድን ደግ ሰው ማሳየት ይቀናዋል፤ ሥርዓትን ማሳየት ግን ይከብደዋል። ጃፓን ከ1961 ጀምሮ ሕዝቧን ሁሉ በጤና መድን አቅፋለች፤ የሕክምናውንም ዋጋ መንግሥት ይወስናል። ዛሬ በየሰፈሩ ያለው የዓይን፥ የጆሮ ወይም የቆዳ ክሊኒክ ደጁ የሚከፈተው በሐኪሙ ደግነት ብቻ ሳይሆን በዚህ ሥርዓት ጭምር ነው።

ስለዚህ የቀይ ጢምን ርኅራኄ ስናደንቅ ሣጥኑንም አንርሳ። የሾሰን ማመልከቻ ሳይነበብ ቀርቶ ቢሆን ኖሮ፥ ደጉ ሐኪም የሚሠራበት ቤት ባልኖረ ነበር። ነገ በጠረጴዛችሁ ላይ ማመልከቻ የሚቀመጥላችሁ ወጣቶች ይህን ብታስቡት መልካም ነው እንላለን።