አበባዋ ላይ የፈሰሰው በረኪና

ኧረ ለመሆኑ፣ ውድ አንባቢያን፣ የልብስ ማጠቢያ ማሽናችሁ መሳቢያ ውስጥ ስንት ጉድጓድ እንዳለ ቆጥራችሁ ታውቃላችሁ? «ይሄ ደግሞ ምን የሚሉት ጥያቄ ነው?» እንዳትሉኝ። በዚህች ጥያቄ ሰበብ አንዲት ልጅ የሁለት ወር ደመወዟን ልታጣ ምንም አልቀራትም ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጥምቀት እንዳለፈ ዘመድ ልጠይቅ ከባሕር ዳር ወደ እንፍራንዝ ብቅ ብዬ ነበር። እንፍራንዝ በጎንደር መንገድ ላይ፣ አዲስ ዘመንን አልፋችሁ የምታገኟት፣ የጉዛራ ቤተ መንግሥት ጎረቤት ናት። ያረፍኩበት ቤት እመቤት፣ ሴት ልጃቸው ከአረብ አገር ያመጣችላቸው ማሽን አላቸው፤ ከፊት የሚከፈት፣ ሙሉ አውቶማቲክ። ሥራ ሲፈታ ዳንቴል ለብሶ ይቀመጣል።

በሩን ሳንኳኳ የተቀበለኝ ጩኸት ነው። «የሁለት ወር ደመወዝሽ ይቅርና የዓመቱም አይከፍለውም!» ለጥምቀት የተለበሰው የሐበሻ ቀሚስ ገመድ ላይ ተሰጥቷል። ቀይ የነበረው ጥለት የወተት ሻይ መስሏል። የቤት ሠራተኛዋ ጥግ ይዛ ታለቅሳለች።

«ምን ጨመርሽበት?» አልኳት ቀስ ብዬ።

«ጋሼ፣ እትዬ ናቸው አበባዋ ያለችበት ላይ ነጩን ጨምሪ ያሉኝ። ነጩን ጨመርኩ።»

መሳቢያውን ሳብ ሳደርገው የበረኪና ሽታ አፍንጫዬን ሰነፈጠኝ። ቀና ስል ሁለት ነጭ ጠርሙሶች ጎን ለጎን ቆመዋል። አንዱ በረኪና ነው፤ ሌላው ጽሑፉ በአረብኛ የሆነ የልብስ ማለስለሻ። እትዬ «ነጩን» ያሉት ማለስለሻውን ነው። ልጅቷ ግን ነጭ የሚያደርግ ነገር ከልጅነቷ ጀምሮ የምታውቀው አንድ ብቻ ነው። ታዲያ ጥፋተኛው ማነው?

ሦስቱ ጉድጓዶች

የአብዛኛው ከፊት የሚከፈት ማሽን መሳቢያ ሦስት ክፍል አለው። አቀማመጣቸው እንደ ፋብሪካው ይለያያልና ቦታውን ሳይሆን ምልክቱን እዩ።

ሁለት ቋሚ መስመር ያለበት የዋናው እጥበት ነው። የዘወትር ዱቄት ሳሙና የሚገባው እዚህ ነው።

አንድ ቋሚ መስመር ያለበት ለቅድመ እጥበት ነው። ጭቃ ለጠጣ፣ በጣም ለቆሸሸ ልብስ ብቻ። ማሽኑን ቅድመ እጥበት ካላዘዛችሁት እዚያ የጨመራችሁት ሳሙና ተጋግሮ ይቀራል፤ ልብሱም በውኃ ብቻ ታጥቦ ይወጣል።

አበባ የተሳለበት የማለስለሻው ነው። ውኃ የሚያገኘው በመጨረሻው የማለቅለቂያ ዙር ነው፤ ከዚያ በኋላ የሚያለቀልቀው የለም። የቀሚሱም ጉድ እዚህ ላይ ነው። በረኪናው በመጨረሻ ገብቶ ሳይለቀለቅ ልብሱ ላይ ቀረ፤ ገመድ ላይም ሆኖ ጥለቱን ሲበላ ዋለ።

ማለስለሻ ስትጨምሩ «ማክስ» የሚለውን መስመር አትለፉ። ካለፈ ገና ሳይደርስ ይፈስና ከሳሙናው ጋር ታጥቦ ይሄዳል፣ ገንዘባችሁም አብሮ። ፎጣ ላይ ባታበዙት ይመረጣል፤ ውኃ የመምጠጥ ኃይሉን ይቀንሰዋል።

በትናንሽ ከረጢት የታሸገው ሳሙና ግን መሳቢያ አያውቅም። ቀጥታ ከበሮው ውስጥ፣ ከልብሱ በፊት ይገባል። ባለ ሁለት ገንዳው ማሽን ያላችሁ ደግሞ መጀመሪያ ውኃውን ሙሉ፣ ሳሙናውን አሟሙ፣ ልብሱን ከዚያ ጨምሩ።

አረፋ ሲበዛ ጸዳ ማለት አይደለም

እዚህ ላይ የራሴንም ኃጢአት ልናዘዝ። ወንደላጤ ሆኜ መጀመሪያ ማሽን ስነካ በእጅ የሚታጠብበትን ዱቄት፣ ያንን ሁላችንም ኦሞ የምንለውን፣ በሁለት እፍኝ ሞጀርኩት። ከግማሽ ሰዓት በኋላ አረፋው በመሳቢያው ወጥቶ ወለሉን አጥለቀለቀው!

ጥፋቱ ከልማድ የመጣ ነው። እጃችን አረፋ ሲያይ «ጸዳ» ይላል። ከፊት የሚከፈት ማሽን ግን ልብሱን የሚያጥበው እያነሣ በመጣል ነው። አረፋ ሲበዛ ልብሱ ፍራሽ ላይ እንደወደቀ ይሆናል፤ አይታሽም፣ ሳሙናውም ተለቅልቆ አያልቅም። ስለዚህ «አውቶማቲክ» የሚል የተጻፈበትን፣ አረፋው አነስተኛ የሆነውን ግዙ። መጠኑን ከማሸጊያው አንብቡ፤ ልብሱ ሲያንስ ሳሙናውም ይነስ። አረፋው ካመለጣችሁ ደግሞ ማጠቡን አቁማችሁ ማለቅለቅና መጭመቅ ብቻ እዘዙት።

ሳሙና መጠን እንደሚፈልግ ከእንዶድ በላይ ምስክር የለም። እናቶቻችን ወቅጠው ወንዝ ዳር ነጠላ ያጠቡበት ያ ፍሬ ምን ያህል ኃይለኛ እንደሆነ ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 እ.ኤ.አ. ዓድዋ ላይ አይተዋል፤ ሴቶች በእንዶድ ከሚያጥቡበት ዝቅ ብሎ የቢልሃርዚያ ተሸካሚዎቹ ቀንድ አውጣዎች ሞተው ተገኙ። ልብስ የሚያነጣ ነገር ሁሉ ሌላም ሥራ አለው።

በረኪናስ?

ጥለት ላለው፣ ለሱፍና ለሐር ፈጽሞ አይሆንም። ለነጭ ጥጥ ቢሆንም የማሽናችሁ መመሪያ ቦታውን ካላሳየ መሳቢያው ውስጥ አትጨምሩ፤ በብዙ ውኃ ቀጥናችሁ በባልዲ ዘፍዝፉና አለቅልቁት። ከኮምጣጤ ወይም ከሽንት ቤት ማጽጃ አሲድ ጋር ደግሞ በፍጹም አትቀላቅሉ፤ የሚወጣው ጋዝ ሳንባ ይጎዳል።

ወደ እንፍራንዝ ልመልሳችሁ። ይህንን ሁሉ ለእትዬ አስረዳኋቸው። ለጊዜው ዝም አሉ። ቡና ከተጠጣ በኋላ ግን «ለካ እኔም በስሙ ጠርቼ አልነገርኳትም» አሉ። ደመወዟ አልተቆረጠም። ቀሚሱ ግን እንደነበረ አልተመለሰም።

እኔም ከመሄዴ በፊት ፕላስተር ቆርጬ አንዱ ጉድጓድ ላይ «ኦሞ»፣ አበባው ላይ «ማለስለሻ» ብዬ ጻፍኩ። በረኪናውንም ከማሽኑ አርቄ ሌላ መደርደሪያ ላይ አወጣሁት። አምስት ደቂቃ አልፈጀብኝም።

እናንተም ቤት ማሽኑን የምትነካው ሌላ ሰው ከሆነች፣ ልብስ ተበላሸ ብላችሁ ደመወዟን ከመቁረጣችሁ በፊት አንዲት ነገር ራሳችሁን ጠይቁ፦ አሳይቻታለሁ ወይ? ቸር ይግጠመን!