የሆሮ ዶሮና የበዓል ገበያ፤ ዋናውን ገንዘብ ከትርፉ ለይቶ ስለ ማወቅ

ፋሲካ፣ ገና ወይም እንቁጣጣሽ በተቃረበ ጊዜ ወደ ዶሮ ተራ ብቅ ያለ ሰው የገዢውን አመራረጥ ሳያስተውል አይቀርም። ገዢው በመጀመሪያ እጁን የሚዘረጋው ወደ ቀዩና ወደ ትልቁ አውራ ነው፤ ደረቱን ይዳብሳል፣ በእጁ አንሥቶ ይመዝናል፣ በዋጋውም ተከራክሮ ይዞት ይሄዳል። ጥቁሩ፣ ቀጭኑና እድገቱ የዘገየው ግን ጠያቂ ሳያገኝ ከባለቤቱ ጋር ወደ ቤቱ ይመለሳል። ሻጩም ገንዘቡን ቈጥሮ ደስ ብሎት ይገባል። ነገር ግን በመጪው ዓመት ለሚፈለፈሉት ጫጩቶች አባት የሚሆናቸው የትኛው ነው ብለን ብንጠይቅ መልሱ ያሳስባል፤ ገበያ ያልፈለገው አውራ ነውና።

ዋናውን ገንዘብ እያነሣ የሚበላ ነጋዴ ሱቁን ለመዝጋት ብዙ ጊዜ እንደማይፈጅበት ለአንባብያን የሚነገር ነገር አይደለም። በዶሮ እርባታ ግን ይኸው ስሕተት በየበዓሉ ይፈጸማል። የዛሬው ጽሑፋችን ዓላማ ይህንን ጉዳይ በአንድ የታወቀ የአገር ዘር፣ በሆሮ ዶሮ ምሳሌነት መግለጽ ነው።

ሆሮ በምዕራብ ኢትዮጵያ፣ በኦሮሚያ ክልል በሆሮ ጉዱሩ ወለጋ ዞን የሚገኝ ደጋማ አገር ሲሆን፣ የዞኑ ዋና ከተማ ሻምቡ ነው። አገሩ በዶሮው ብቻ ሳይሆን በስሙ በሚጠሩት በሆሮ ከብትና በሆሮ በግም የታወቀ ነው። ዶሮው ለብዙ ዘመን ከገበሬው ጋር በአንድ ግቢ የኖረ፣ የወደቀውን ጥሬ፣ ትሉንና ቅጠሉን እየለቀመ ራሱን የሚመግብ፣ የደጋውን ብርድ የለመደ፣ ከጭልፊትና ከሸለምጥማጥ መጠንቀቅን የተማረ ነው። እናቲቱ እንቁላሏን 21 ቀን ታቅፋ ትፈለፍላለች፤ ጫጩቶቿንም በክንፏ ሸሽጋ ታሳድጋለች። ለዚህ ሁሉ መብራትም፣ የመፈልፈያ መኪናም፣ ከከተማ ተጭኖ የሚመጣ መኖም አትጠይቅም።

ይሁን እንጂ ጉድለቷን መሸሸግ ተገቢ አይደለም። የአገራችን ዶሮ ያለ ልዩ እንክብካቤ በዓመት የምትጥለው ከ40 እስከ 60 የሚሆን እንቁላል ነው፤ የአንዱም እንቁላል ክብደት 40 ግራም ገደማ ነው። ከጊዜዋ ብዙውን በማቀፍና ጫጩት በማሳደግ ታሳልፋለች። በዚህ ምክንያት ከ1940ዎቹ ዓ.ም. ወዲህ እንደ ነጭ ሌግሆርንና ሮድ አይላንድ ሬድ ያሉ የውጭ ዝርያዎች በትምህርትና በምርምር ጣቢያዎች አማካይነት ወደ አገራችን ገቡ። የውጭውን አውራ ለገበሬው እየሰጡ የራሱን አውራ እንዲያስወግድ የመምከር ልማድም ነበረ። ሐሳቡ ለበጎ ነበር። ሆኖም ከውጭ የመጣው ደም በበረታ ቍጥር ሴቲቱ ማቀፍን ትተዋለች፤ መኖ ሲጎድልም ምርቷ ያንሳል። ጫጩት በደጁ ያገኝ የነበረውም ገበሬ ጫጩት ገዢ ይሆናል። «የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች» የሚለው ተረት የሚደርሰው እዚህ ላይ ነው።

በ2012 ዓ.ም. አካባቢ በተደረገው የማዕከላዊ ስታትስቲክስ ጥናት መሠረት በኢትዮጵያ ያለው ዶሮ 57 ሚሊዮን ገደማ ሲሆን፣ ከዐሥሩ ስምንት ያህሉ የአገር ዘር ነው። በቍጥሩ ብቻ ሲታይ የአገር ዶሮ ብርቅ ነው ለማለት አይቻልም። ብርቅ እየሆነ የሚሄደው ከሌላ ሳይቀላቀል የቆየው መንጋ ነው። ዶሮ በቅርጫት ታስሮ ባንድ የገበያ ቀን ከወረዳ ወደ ወረዳ ይሻገራል፤ አንድ ጊዜ የተቀላቀለ ዘር ግን እንደ ገብስና ስንዴ ተለቅሞ አይለይም።

የአገር ዶሮ የሚሻሻለው ከውጭ ደም ሲጨመርበት ብቻ ነው የሚለውን አስተያየት የሚያስተባብል ማስረጃ በአገራችን ተገኝቷል። በ2000 ዓ.ም. በደብረ ዘይት፣ ማለት በቢሾፍቱ፣ በሚገኘው የእርሻ ምርምር ማእከል በሆሮ ገበያ የተገዛ እንቁላል ተፈልፍሎ የምርጫ ሥራ ተጀመረ። ባለሙያዎቹ 16 ሳምንት ሲሞላቸው ክብደታቸው የበለጠውን፣ ከሴቶቹም እስከ 45 ሳምንት ዕድሜያቸው ብዙ እንቁላል የጣሉትን ለወላጅነት አስቀሩ። ይህም በየትውልዱ ተደጋገመ። ከጥቂት ትውልድ በኋላ እስከ 45 ሳምንት የሚጣለው እንቁላል ከእጥፍ በላይ ሆነ፤ የዶሮዎቹ ክብደት ጨመረ፤ በመጀመሪያ ብዙ ሞት የነበረበት መንጋም አብዛኛው በሕይወት የሚዘልቅ ሆነ። ለዚህ የአያያዙ መሻሻል የራሱ ድርሻ ቢኖረውም፣ የምርጫው ፍሬ ግልጽ ነው። ልብ ማለት የሚገባው ጣቢያው የበዓሉን ገበያ ተቃራኒ መሥራቱን ነው፤ ገበያው ምርጡን ወስዶ ተራውን ለዘር ያስቀራል፣ ጣቢያው ግን ምርጡን ለዘር አስቀርቶ ተራውን አስወገደ።

ይህን ለመፈጸም አርቢው ትልቅ ገንዘብ አያስፈልገውም። የሚያስፈልገው የሚከተለው ነው።

አንደኛ፤ ከበዓሉ አስቀድሞ ፈጥኖ ያደገውንና ጤናማውን አውራ መርጦ በእግሩ ላይ ክር ማሰር፣ ከዚያ በኋላ የቀሩትን ለገበያ ማውጣት። ለዐሥር ሴት አንድ አውራ ይበቃል። አባት ከልጆቹ ጋር እንዳይዳቀል ግን በየዓመቱ የተመረጠ አውራ ከጎረቤት ጋር መለዋወጥ ይገባል።

ሁለተኛ፤ የውጭ ወይም የክልስ አውራ ከመንጋው ገብቶ እንደ ሆነ፣ አውራው ከወጣ በኋላ የመጀመሪያዎቹን ሦስት ሳምንታት እንቁላል ለምግብ ማዋል እንጂ ማሳቀፍ አይገባም፤ የአውራው ዘር በሴቲቱ ውስጥ እስከዚያ ድረስ ሊቆይ ይችላልና።

ሦስተኛ፤ የአገር ዶሮ ጠንካራ ነው ማለት ፈንግል አይገድለውም ማለት አይደለም። ይህ በሽታ የአንድን መንደር ዶሮ በጥቂት ቀን ሊጨርስ ይችላል። ክትባቱ በቢሾፍቱ በብሔራዊ የእንስሳት ጤና ተቋም ይዘጋጃል፤ ጎረቤታሞች ባንድነት ቢያስከትቡ ወጪውም ይቀላል፣ ጥበቃውም ይጸናል።

አራተኛ፤ በዐቢይ ጾም የእንቁላል ፈላጊ ስለሚቀንስ፣ በዚያን ጊዜ በርካሽ ከመሸጥ ይልቅ ከተመረጠችው ዶሮ የተገኘውን ማሳቀፍ ይጠቅማል።

ነገር ግን ሸክሙን ሁሉ በገበሬው ላይ ብቻ መጣል ፍርደ ገምድልነት ይሆናል። የበዓል ዕለት ዘይትና ልብስ የሚገዛበት ገንዘብ የሚያገኘው ከዚያው ከቀዩ አውራ ነው፤ ዋጋው ከፍ ያለውን ትቶ ዝቅተኛውን ይሽጥ ብሎ መምከርም ቀላል አይደለም። ስለዚህ ነጋዴው ወገን ለወጥ የሚሆነውንና ለዘር የሚሆነውን በሁለት ዋጋ መግዛት ይገባዋል። ዘሩን ለይቶ ከሚጠብቅ አርቢ ለማሳቀፊያ የሚሆን እንቁላልና የተመረጠ አውራ ጭማሪ ከፍሎ የሚወስድ፣ ለሌሎችም አርቢዎች የሚያከፋፍል ነጋዴ ቢገኝ፣ ለገበሬው ምርጡን ማቆየት ከመሸጥ የማያንስ ጥቅም ይሰጠዋል። ነጋዴውም ከዓመት ወደ ዓመት የሚከብድ ዶሮ ለገበያው ያገኛል።

በመጪው የበዓል ዋዜማም ገዢው እጁን ወደ ቀዩና ወደ ትልቁ አውራ መዘርጋቱ አይቀርም። ያን ጊዜ ሻጩ፣ «ይህስ በእግሩ ክር አለበት፤ ከወንድሞቹ አንዱን ውሰድ» ብሎ ለመመለስ ቢችል፣ የሆሮ ዶሮ ዋና ገንዘቡ ሳይነካ ትርፉ ተሸጠ ማለት ነው።