ምዕራፍ አራት፤ ሲኒማ መጻኢውን ዘመን በምን ምሳሌ እንደ ገለጠው

ሲኒማ ገና በሕፃንነቱ ሳለ ሰው ያልደረሰበትን ዓለምና ያልመጣውን ዘመን ለማሳየት በተነሣ ጊዜ፣ ከጥንት ጀምሮ የሰውን ልቡና ሲያስጨንቁ የኖሩትን ሦስት ምኞቶች፣ ይኸውም ወደ ሰማይ መውጣትን፣ ታላቅ ከተማ መሥራትንና ሕይወት መፍጠርን፣ የእንፋሎትና የኤሌክትሪክ መኪና ልብስ አልብሶ አቀረባቸው።

የመጀመሪያው ምሳሌ የሰማይ ጉዞ ነው። በፓሪስ የምትሐት ትርኢት ያሳይ የነበረው ዦርዥ ሜልየስ እ.ኤ.አ. በ1902 በሠራው «ጉዞ ወደ ጨረቃ» በተባለው ፊልም ጠበብቱን በመድፍ ጥይት ውስጥ አስገብቶ ቢያስወነጭፋቸው፣ ጥይቱ የሰው ፊት ባላት ጨረቃ ዓይን ላይ ተሰካ። ይህ ሥዕል ተመልካቹን ደስ ማሰኘቱ እውነት ነው፤ ነገር ግን ጠበብቱ የጨረቃን ነዋሪዎች በጃንጥላ እየመቱ ጢስ እንደሚያደርጓቸው፣ አንዱም ወደ ምድር መጥቶ በአደባባይ ለትዕይንት እንደሚቀርብ ያስተዋለ ሰው፣ ዕውቀትና ድል አድራጊነት አብረው ሲጓዙ ያያል።

ሁለተኛው ምሳሌ ከተማ ነው። ፍሪትስ ላንግ አዘጋጅቶ እ.ኤ.አ. በ1927 በበርሊን ለሕዝብ የታየው «ሜትሮፖሊስ» ጌቶችን በሰማይ ጠቀስ ሕንጻ፣ ሠራተኞችን ከምድር በታች ያኖራል። የገዢው ልጅ ወደ ታች ወርዶ ታላቁ መኪና ሲፈነዳ ባየ ጊዜ፣ መኪናው የሰው መሥዋዕት ወደሚቀበለው ወደ ሞሎክ ተለውጦ ሠራተኞቹን ሲውጥ ይታየዋል። ማሪያ የተባለችው ወጣትም በዋሻ ለተሰበሰቡት ሠራተኞች የባቢሎንን ግንብ ታሪክ ትሰብካለች፤ በኦሪት ዘፍጥረት ሰዎቹን የለያያቸው የቋንቋቸው መደባለቅ ሲሆን፣ በእርስዋ ስብከት ግን ግንቡን ያሰቡትና ድንጋዩን የተሸከሙት በአንድ ቋንቋ እየተናገሩ ሳይግባቡ ይቀራሉ። የፊልሙ ምሥጢር በዚህ ላይ ነው፤ አእምሮ የእጅን ድካም ካላወቀ፣ የሚሠራው ሁሉ በራሱ ላይ ይፈርሳል።

ሦስተኛው ምሳሌ ፍጡር ነው። ጄምስ ዌል እ.ኤ.አ. በ1931 ባዘጋጀው «ፍራንከንስታይን» ሳይንቲስቱ ከሬሳ የገጣጠመውን አካል በመብረቅ ኃይል ሕያው ያደርገዋል። ያ ፍጡር የጣሪያው መስኮት ተከፍቶ ብርሃን በወረደበት ጊዜ ሁለት እጆቹን ወደ ላይ ይዘረጋል፤ የሚያስተምረውና የሚያጽናናው ግን አያገኝም፤ የሚጠብቀው ሰንሰለትና እሳት ነው።

እነዚህን ሦስቱን አስተባብሮ የሚመረምር ተመልካች ጥፋቱ ከየት እንደሚመነጭ ይገነዘባል፤ ሰው ለደረሰበት አገር ሕዝብ፣ ለሚያገለግለው ሠራተኛና በእጁ ለተፈጠረው ነገር ያለበትን ኀላፊነት በተወ ጊዜ፣ ጥበቡ በራሱ ላይ ፈራጅ ሆኖ ይነሣል። ስለዚህ ማናቸውንም የዚህ ዓይነት ፊልም የሚያይ ሰው አስቀድሞ እንዲህ ብሎ ይጠይቅ፤ መኪናውን የሚያዝዘው ማን ነው፣ የሚደክምለት ማን ነው፣ ስለሚያደርሰውስ ጉዳት መልስ የሚሰጠው ማን ነው?