ያውቁ ኖሯል? ኬኔዲና የኬንያ ተማሪዎች

ጆን ኤፍ. ኬኔዲ ገና ፕሬዚዳንት ሳይሆኑ የወሰኑት አንድ ጉዳይ የበርካታ ኬንያውያን ወጣቶችን ዕጣ እንደለወጠ ያውቁ ኖሯል?

ኬንያ ያኔ በእንግሊዝ ቅኝ አገዛዝ ሥር ነበረች፤ ለጥቁር ወጣት የዩኒቨርሲቲ በር የሚከፈተው ከስንት አንዴ ነበር። የናይሮቢው የሠራተኛ ማኅበራት መሪ ቶም ምቦያ ተማሪዎችን በአውሮፕላን አሳፍረው ወደ አሜሪካ ኮሌጆች መላክ የጀመሩት በ1959 እ.ኤ.አ. ነው። በዓመቱ ግን ለቀጣዩ ጉዞ ገንዘብ አጠረ። የአሜሪካ የውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት እንዲረዳ ቢጠየቅም እምቢ አለ። ምቦያ ተስፋ አልቆረጡም፤ በጁላይ 1960 የኬኔዲ ቤተሰብ መኖሪያ እስካለበት ሃያኒስ ፖርት ድረስ ሄደው ኬኔዲን አነጋገሩ። በምርጫ ዘመቻ የተወጠሩት ሴናተር በቤተሰባቸው ፋውንዴሽን በኩል 100,000 ዶላር ፈቀዱ። ይህን የሰማው የተቀናቃኛቸው የሪቻርድ ኒክሰን ወገን ሲነቃነቅ፣ ያው እምቢ ያለው መሥሪያ ቤት እኔም ልስጥ ብሎ ብቅ አለ።

በዚያው ዓመት ከተጓዙት አንዷ ዋንጋሪ ማታይ ናቸው። ካንሳስ ውስጥ ባዮሎጂ አጥንተው ተመለሱ፤ በሴቶች እጅ ችግኝ የሚያስተክለውን የግሪን ቤልት ንቅናቄ በ1977 መሠረቱ፤ በ2004 የኖቤል የሰላም ሽልማትን በመቀበል የመጀመሪያዋ አፍሪካዊት ሆኑ። ለእኔ ከዚያ ገንዘብ ፍሬ ሁሉ ትልቁ ይህ ነው።

የባራክ ኦባማ አባትም በኬኔዲ ገንዘብ እንደሄዱ ደጋግሞ ይነገራል። ስሕተት ነው፤ እሳቸው ሃዋይ የገቡት አንድ ዓመት ቀድመው፣ በ1959 ነበር።