መንቆረርን ማን ይጻፋት?

ደብረ ማርቆስ፣ ከመናኸሪያው እልፍ ብሎ ሸራ ዘርግቶ መጽሐፍ የሚሸጥ ሰው አለ። እሱ ዘንድ ቆሜ ሳለሁ አንዲት ተማሪ መጣችና ስለ ሥነ ጥበብ ምንነት የሚያትት መጽሐፍ እንዳለው ጠየቀችው። ከስኬት መጻሕፍትና ከፈተና መለማመጃዎች መካከል ጥቂት አገላበጠና «የስዕል መማሪያ ከሆነ ላፈላልግልሽ፣ እህቴ» አላት። እሷ የፈለገችው ግን ውበት ምን እንደሆነ፣ ጥበብስ ለማን እንደሚሠራ የሚከራከር መጽሐፍ ነበር። «እንዲያ ያለው እንኳ እጄ ገብቶ አያውቅም።» «ስለ ማርቆስ ከተማ የተጻፈ ልብ ወለድስ?» ሰውየው ፊቱ በራና «ፍቅር እስከ መቃብር»ን አነሳላት። «እሱማ የማንኩሳና የዲማ ነው» ብላው ሄደች።

ሁለቱም ጥያቄዎች መልስ ሊያጡ የማይገባቸው እዚህ አገር ነበር። ጎጃም የቅኔ ጉባኤዎቹን ዋሸራን፣ ጎንጅን፣ ዲማን፣ ደብረ ኤልያስን የያዘ ምድር ነው። የቅኔ ተማሪ ከሁለት ቤቱ ጉባኤ ቃና ይጀምርና በሦስቱ ዘአምላኪየ፣ በአምስቱ ዋዜማ፣ በስድስቱ ሥላሴ አልፎ ስምንት ቤት ካለው መወድስ ይደርሳል። ገለል ብሎ ለብቻው ይቆጥራል፤ ከዚያ ለመምህሩ ይነግራል፤ የኔታም ያርሙታል። ለበዓል አዲስ ቅኔ ይጠበቃል፤ አምና የተባለውን ዘንድሮ ይዞ መቅረብ ነውር ነው። ሰሙ ከወርቁ ምን ያህል ይራቅ? ኅብሩ የት ላይ ይዋል? ምስጢሩ ቀሎ ሲገኝ የሚያፍረው ማን ነው? ይህ ሁሉ የጥበብ ፍልስፍና ካልሆነ ሌላ ምን ሊሆን እንደሚችል አይታየኝም።

ቶልስቶይ በ19ኛው መቶ ዘመን ማብቂያ ላይ «ጥበብ ምንድን ነው?» ብሎ መጽሐፍ ጽፏል። መልሱ ባጭሩ ሲቀርብ፣ ጥበብ ከያኒው የተሰማውን ስሜት ወደ ሌላው ማጋባት ነው፤ ደኅና ጥበብም ተራው ገበሬ የሚረዳው ነው። ይህን ለመጽሐፍ ሻጩ ነገርኩት። ለካስ ሰውየው በልጅነቱ ደበሎ ለብሶ፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ቅኔ የቆጠረ፣ ዳሩ ግን ትምህርቱን ሳይጨርስ የወጣ ሰው ነው። ሳቀ። «ቶልስቶይ ዋሸራ ቢመጣ ኖሮ የኔታ ጉባኤ ቃና ያስጀምሩት ነበር» አለኝ። «ሁሉም ወዲያው የገባው ቅኔ ምኑን ቅኔ ሆነ? ወርቁን መንገድ ላይ የሚጥል ማን አለ፣ ጋሼ?» ጥቂት ዝም አለና ደግሞ «ግን እኮ ገበሬውም ቅኔ ያውቃል። እናቴ ፊደል ሳትቆጥር ሰምና ወርቅ ትናገር ነበር። እንግዲህ ቶልስቶይም እውነት ሳይኖረው አልቀረም» አለ።

ክርክሩ እዚያው ሸራ ሥር ቀረ። መልአከ ብርሃን አድማሱ ጀምበሬ የሊቃውንቱን ቅኔ «መጽሐፈ ቅኔ» ብለው ሰብስበው ባያሳትሙ ኖሮ ስንቱ በቃል እንዳለ ጠፍቶ በቀረ ነበር። መጽሐፉ ግን የቅኔዎቹ መዝገብ ነው፤ ሙግቱ እንደ ድሮው በጉባኤው አፍ ላይ ነው። ከዘመናዊው ወገን የዳኛቸው ወርቁ «የጽሑፍ ጥበብ መመሪያ»፣ የዘሪሁን አስፋው «የሥነ ጽሑፍ መሠረታውያን»፣ የብርሃኑ ገበየሁ «የአማርኛ ሥነ ግጥም» አሉ። ትልልቅ ሥራዎች ናቸው፤ ትኩረታቸው ግን ጽሑፍ ነው። ስዕሉን፣ ሕንፃውን፣ ዜማውን ከቅኔው ጋር አንድ ማዕድ ላይ አቅርቦ የሚጠይቅ መጽሐፍ እኔም ፈልጌ አላገኘሁም።

የከተማው ልብ ወለድ ጉዳይ ደግሞ የባሰ ነው። የመጀመሪያው የአማርኛ አጭር ልብ ወለድ የሚባለውን «የጉለሌው ሰካራም»ን የጻፈው ተመስገን ገብሬ የማርቆስ ልጅ ነው። በ1941 ዓ.ም. የታተመችው ያቺ ትንሽ መጽሐፍ የአዲስ አበባን ሰፈር፣ መጠጥ ቤቱንና ብቸኝነቱን ለአማርኛ ልብ ወለድ አስተዋወቀች። ዮፍታሔ ንጉሤ ከደብረ ኤልያስ ቅኔውን ይዞ ሄደና ለአዲስ አበባ ቴአትር ሰጠው። ሐዲስ ዓለማየሁ ከእንዶዳም ተነስተው፣ በገዳማቱ ተምረው፣ በ1958 ዓ.ም. በ«ፍቅር እስከ መቃብር» የገጠሩን መኳንንትና ካህናት ጉድ አወጡት። አዲስ አበባን የጻፏት በአብዛኛው መጤዎች ናቸው፤ ስብሃት ገብረ እግዚአብሔር ከዓድዋ አካባቢ፣ በዓሉ ግርማ ከኢሉባቦር። እንግዳ ዓይን ከተማን አጥርቶ ሳያይ አይቀርም። ጄምስ ጆይስም ደብሊንን በአብዛኛው የጻፋት ከወጣ በኋላ ነው። ልዩነቱ የጆይስ ብዕር ከወጣ በኋላ እንኳ ከደብሊን አለመላቀቁ ነው፤ የእኛዎቹ ግን ሲወጡ ብዕራቸውም አብሮ ወጣ።

ለጽሑፍ የሚሆን ነገር ጠፍቶ አይደለም። ደብረ ማርቆስ ቀድሞ መንቆረር ትባል የነበረች፣ በደጃዝማች ተድላ ጓሉ የተቆረቆረች ናት። የጎጃሙ ራስ አዳል በጥር 1873 ዓ.ም. ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ተብለው ከነገሡ በኋላ በቅዱስ ማርቆስ ቤተ ክርስቲያን ስም ተጠራች። በ1933 ዓ.ም. መጋቢት መጨረሻ ላይ ንጉሠ ነገሥቱ ከስደት ሲመለሱ፣ ከጣሊያን ጋር ያበሩት የንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ልጅ ራስ ኃይሉ የገቡላቸው እዚሁ ነው። ያን ዕለት አደባባይ የወጣው ሕዝብ ማንን ያይ ነበር? ድል አድርጎ የገባውን ንጉሥ ወይስ አንገቱን የደፋውን የአገሩን ጌታ? አንድ ደኅና ልብ ወለድ ጸሐፊ በዚህች ሰዓት ብቻ መቶ ገጽ ይሞላል።

የአሮጌዎቹ ቤቶችና የሽማግሌዎቹ ትዝታ ይመዘገብ እንደሆነ አንድ ኃላፊ ጠየቅሁ። «በዕቅድ ተይዟል» አሉኝ። የየትኛው ዓመት ዕቅድ እንደሆነ ስጠይቃቸው ስብሰባ እንዳለባቸው ነገሩኝ፤ ከዚያ ወዲህ ስልካቸው ይጠራል እንጂ አይነሳም። መጽሐፍ ሻጩ ይህን ሲሰማ «ምነው ታዲያ አንተ ብትጽፈው?» አለኝ። «የኔታ ሁልጊዜ የሚሉት አንድ ነገር ነበር፤ ያልነገርከውን ማንም አያርምልህም።»

ጉዳቱ እየታየ ነው። ዋናው መንገድ ዳር የነበሩ የጭቃ ቤቶች እየፈረሱ የመስታወት ፎቅ ይተካቸዋል፤ ስዕል የሚሞክሩት ልጆች የሚቀዱት ከስልክ ያገኙትን የባዕድ ከተማ ነው፤ የቅኔ ተማሪውም ትምህርቱን አቋርጦ ባጃጅ ይነዳል። የደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ በሐዲስ ዓለማየሁ ስም የባህል ጥናት ተቋም አለው። የቅኔ መምህራኑ እዚያው ቅርብ ስለሆኑ፣ ሙግታቸው በመቅረጫ ተይዞ በአማርኛ ቢታተም ወጪው የአንድ ዓውደ ጥናት አበልና ምሳ አይደርስም። አለዚያ መዘግየቱ የታወቀ ነው፤ ዮሐንስ አድማሱ ስለ ዮፍታሔ ያጠናው መጽሐፍ የታተመው እሱ ራሱ ከሞተ ከሦስት ዐሥርት ዓመታት በላይ ቆይቶ፣ ያውም አዲስ አበባ ነው።