ኢትዮጵያን በልብ ወለድ ያስታጠቀው ደራሲ

ባለፈው ቅዳሜ አትላስ አጠገብ ከአንዲት የጀበና ቡና ሻጭ ዘንድ ተቀምጠን ስንጫወት፣ ከመካከላችን አንዱ፣ «ስለ ኢትዮጵያ የሳይንስ ልብ ወለድ የጻፈ ማን ነው?» የሚል ጥያቄ አነሣ። ሁላችንም የይስማዕከ ወርቁን «ዴርቶጋዳ» ጠራን። እርሱስ ማለፊያ መልስ ነው፤ ነገር ግን «ዴርቶጋዳ» በ2001 ዓ.ም. ከመታተሙ ከሰባ ዓመት በላይ አስቀድሞ፣ ኢጣልያ አገራችንን በወረረችበት ዘመን፣ አንድ ጥቁር አሜሪካዊ ጋዜጠኛ ኢትዮጵያን በሳይንስ መሣሪያ የሚያስታጥቅ ታሪክ ይጽፍ እንደነበር የምናውቀው ጥቂቶች ነን። ስለዚህ ስለ ጆርጅ ስካይለር ያነበብነውን ለጓደኞቻችን ልናካፍል ወደድን። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ስካይለር በ1895 በፕሮቪደንስ ከተማ ተወልዶ በሲራኪዩስ አደገ። በ1912 ወታደር ሆነ፤ እስከ መቶ አለቅነትም ደረሰ። ታዲያ አንድ ቀን፣ የመኮንን ልብሱን እንደ ለበሰ፣ ፊላደልፊያ ውስጥ ከግሪክ አገር የመጣ አንድ ሊስትሮ የጥቁር ጫማ አልጠርግም ቢለው፣ በንዴት ሠራዊቱን ጥሎ ጠፋ፤ ለዚህም ታሰረ። ከዚያ በኋላ ኒው ዮርክ ገብቶ መጻፍ ጀመረ፤ በ1924ም «ፒትስበርግ ኩሪየር» ለተባለው የጥቁሮች ጋዜጣ መሥራት ጀመረ። ብዕሩ የነጮችን ትዕቢት እንደሚወጋ ሁሉ ለጥቁር መሪዎችም አይመለስም ነበር።

በ1931 «ብላክ ኖ ሞር» የተባለው ልብ ወለዱ ታተመ፤ ወደ አማርኛ ብንመልሰው «ከእንግዲህ ጥቁር የለም» እንደ ማለት ነው። ክሩክማን የሚባል ጥቁር ሐኪም በሦስት ቀን ውስጥ ጥቁሩን ሰው ነጭ የሚያደርግ ሕክምና ያገኛል። ሕዝቡ ገንዘቡን ይዞ ይሰለፋል። ዋናው ባለታሪክም ነጭ ከሆነ በኋላ ጥቁሮችን በሚጠላ ማኅበር ውስጥ ገብቶ ሀብት ያካብታል። በመጨረሻ ግን፣ በሕክምና የነጡት ከተፈጥሮ ነጮቹ ይልቅ የነጡ መሆናቸው ሲታወቅ፣ ጨዋታው ተገልብጦ አገሩ ሁሉ ፊቱን ለማጥቆር ይሯሯጣል። በእኛ አስተያየት ከሥራዎቹ ሁሉ የሚበልጠው ይኸ ነው፤ ሳቁ ዛሬም አልደበዘዘም።

በ1935 ጦርነቱ ሲጀመር በአሜሪካ የሚኖሩ ጥቁሮች ለኢትዮጵያ ሰልፍ ወጡ፣ ገንዘብ አዋጡ። አውሮፕላን ነጂው ጆን ሮቢንሰን ደግሞ እዚሁ ድረስ መጥቶ የአየር ኃይላችን አዛዥ ሆነ። (እኛ ቡና ስንጠጣ ወደ ቦሌ የሚወርዱት አውሮፕላኖች ጨዋታችንን ያቋርጡብን ነበር፤ ሮቢንሰንን ያስታወሰን አንዱ ይኸው ነው። በ1954 እዚሁ አዲስ አበባ በአውሮፕላን አደጋ ሞተ።) በዚያው ወራት ስካይለር አንድ የኢትዮጵያ ልዑል በሃርለም ተገድሎ የሚገኝበትን ተከታታይ ታሪክ በጋዜጣው ማውጣት ጀመረ። የነገሩም ቋጠሮ ኢጣልያንን ድል ሊያስነሣ የሚችል የገዳይ ጨረር ምሥጢር ነው። አንባቢው በየሳምንቱ ጨረሩን ሲጠብቅ፣ በእውነተኛው የጦር ሜዳ ግን ሳይንስ ከወራሪው ጋር ነበረ፤ ከአውሮፕላን የሚወርደው የመርዝ ጋዝ የእኛን ሰው ያቃጥል ነበር።

አዲስ አበባ ከተያዘች በኋላ፣ ከ1936 እስከ 1938፣ ሳሙኤል ብሩክስ በሚል የብዕር ስም የበለጠ ትልቅ ሕልም ጻፈ። ቤልሲደስ የተባለ የሃርለም ሐኪም ጥቁር ሳይንቲስቶችን በምሥጢር ያደራጃል፤ በፀሐይ ኃይል መኪና ያስነሣል፤ አትክልት ያለ አፈር ያበቅላል፤ በመጨረሻም አፍሪካን ከቅኝ ገዥ ያጸዳል። ሰውየው ግን ጨካኝ ነው፤ ተቃዋሚውን ሁሉ ይገድላል፤ በአውሮፓ ላይ በሽታ የተሸከሙ አይጦች ይለቃል። ከዚህም ቀጥሎ፣ ሬክስ ዌስሊ በሚል ሌላ ስም፣ አንድ ሀብታም ወጣት ጥቁር አሜሪካዊና አንዲት የኢትዮጵያ ልዕልት ለጦር መሣሪያ መግዣ የሚሆን የተደበቀ ሀብት የሚፈልጉበትን ታሪክ ጽፏል።

ነገሩ የሚያናድደው እዚህ ላይ ነው። አንባቢ እንዲያ ሲጓጓ፣ ስካይለር ለሥራ ባልደረባው በጻፈው ደብዳቤ የቤልሲደስን ታሪክ ለእንጀራ ሲል የጻፈው ተራ ቅጥፈት እንደሆነ ገልጾ፣ በአንባቢዎቹ ጉጉት ተሳለቀ። ኋላማ ጭራሹን ወደ ቀኝ አዘነበለ፤ በ1964 ማርቲን ሉተር ኪንግ የኖቤልን ሽልማት ማግኘቱን ተቃወመ። የፒያኖ ሊቅ የነበረች አንዲት ልጁ ፊሊፓ በ1967 በቬትናም በሄሊኮፕተር አደጋ ሞተችበት። እርሱም በ1977 ዐረፈ። የቤልሲደስ ታሪክ በ1991፣ ሁለቱ የኢትዮጵያ ታሪኮች በ1994 በመጽሐፍ መልክ ታትመዋል።

ይህን ስንነጋገር ጓደኛችን ሲኒውን አስቀምጦ፣ «በእኛ የሳቀብንን ሰው ምን አደርገዋለሁ!» አለ። እኛ ግን እንዲህ መለስንለት፤ ደራሲው ባያምንበትም፣ ከአዲስ አበባ መያዝ በኋላ ሳንቲሙን ከፍሎ ቀጣዩን ሳምንት የሚጠብቀው አንባቢ ያምንበት ነበር፤ ታሪኩን ያቆየውም የዚያ ሰው ጉጉት ነው። ጓደኛችን አልተቀበለንም። መጽሐፉን ግን ተውሶን ሄደ።