የጣና ውኃ ሙቀትና የነፋስ ሥራ

ከጎንደር በስተደቡብ፣ ከጎርጎራ ጀምሮ የተንጣለለውን የጣና ሐይቅ እንመልከት። ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ስለሚገኝ፣ በበጋም ሆነ በክረምት ውኃው በተቀራራቢ ኬክሮስ ካለው የቀይ ባሕር ደቡባዊ ጠረፍ ይልቅ ቀዝቃዛ ነው። የጠረፉ ውኃ በሐምሌና በነሐሴ ከ30 ዲግሪ ሴልሺየስ ያልፋል።

ጣና በታኅሣሥና በጥር ይቀዘቅዛል፤ በሚያዝያና በግንቦት ይሞቃል። ጥልቀት የሌለው ዳርቻው ቀን ከመካከሉ ፈጥኖ ይሞቃል፤ ሌሊትም ፈጥኖ ይቀዘቅዛል። የሐይቁ ጥልቀት ከ14 ሜትር ስለማይበልጥ ነፋስና የሌሊት ብርድ የላይኛውንና የታችኛውን ውኃ ያዋሕዳሉ፤ ለዓሦች ሕይወት የሚያሻው ኦክስጅንም እስከ ወለሉ ይዘልቃል።

በ2011 እ.ኤ.አ. በሰሜናዊው ዳርቻ የታየው እምቦጭ ግን ሙቅ ውኃ ይስማማዋል፤ ገጹን በሸፈነበት ስፍራም ነፋሱን ያግዳል። ስለዚህ የዳርቻውን ሙቀት በየወቅቱ መለካት ለደንቢያ ዓሣ አጥማጆች የኑሮ ጉዳይ ነው እንላለን።